«ፐርሙቴሽን ነው ኮምቢኔሽን?» ከማለታችን በፊት

ተማሪ ሳስጠና ጥያቄው ተነቦ ሳያልቅ የምሰማው ነገር አለ፦ «ይሄ ፐርሙቴሽን ነው ኮምቢኔሽን?» (ፐርሙቴሽን ቅደም ተከተል የሚቆጠርበት አደራደር ነው፤ ኮምቢኔሽን ደግሞ ቅደም ተከተል የማይቆጠርበት አመራረጥ።) ነጥብ የሚበላው እዚህ ጋ ነው። ቀመሩ ይደርሳል። መጀመሪያ ምን እየቆጠርን እንደሆነ እንወቅ። ተማሪዎች የሚሳሳቱባቸው ቦታዎች እነዚህ ናቸው።

በቃሉ መፍረድ። «ምረጥ ካለ ኮምቢኔሽን፣ ደርድር ካለ ፐርሙቴሽን» ብለው የሚሸመድዱ አሉ። አያዋጣም። ከ10 የእድር አባላት 3 የኮሚቴ አባላት ምረጡ ቢባል 120 መንገድ አለ። ሰብሳቢ፣ ጸሐፊና ገንዘብ ያዥ ምረጡ ቢባል ግን 720 ነው። ሁለቱም «ምረጡ» ነው የሚሉት! ስለዚህ ሁለት ሰዎችን በሐሳባችሁ አቀያይሩ። ሰብሳቢውና ገንዘብ ያዡ ቢቀያየሩ ሌላ ኮሚቴ ነው፤ ቅደም ተከተል ይቆጠራል ማለት ነው። ተራ አባላት ቢቀያየሩ ግን ያው ኮሚቴ ነው። ሦስት ሰው በ6 መንገድ ስለሚደረደር 720ን ለ6 ስናካፍል 120 ይመጣል።

የሚመሳሰለውን መለየት። «ከበደ» የሚለው ስም ፊደላት በ6 መንገድ ይደረደራሉ። «አበበ»ስ? ብዙዎች አሁንም 6 ይላሉ። እስቲ ጻፉት፦ አበበ፣ በአበ፣ በበአ። አለቀ፣ 3 ብቻ። ሁለቱ «በ» ቦታ ቢለዋወጡ ዓይን አይለየውም። 6ን ለ2 ያካፈልነው ለዚህ ነው። ትንንሹን ጥያቄ በእጅ ዘርዝሮ መጻፍ ጊዜ ማባከን የሚመስላቸው አሉ፤ እኔ ግን ከዚህ የተሻለ አስተማሪ አላየሁም።

መደመርና ማባዛትን ማምታታት። 3 ሸሚዝና 2 ሱሪ ያለው ሰው በ6 መንገድ ይለብሳል። ከ3 ዓይነት ጁስና ከ2 ዓይነት ሻይ አንድ ብቻ የሚያዝ ሰው ግን 5 ምርጫ ነው ያለው።

«ቢያንስ አንድ» ሲባል ደጋግሞ መቁጠር። ይሄኛው ጎበዞቹንም ይጥላል። 5 ሴቶችና 4 ወንዶች አሉ። 3 ሰው ይመረጥ፣ ቢያንስ አንዷ ሴት ትሁን። የተለመደው አሠራር እንዲህ ነው፦ መጀመሪያ አንዷን ሴት በ5 መንገድ እንምረጥ፤ ከቀሩት 8 ሰዎች ደግሞ ሁለቱን በ28 መንገድ። 5 × 28 = 140። ያምራል አይደል? ግን ያለ ምንም ገደብ ከ9 ሰው 3 የሚመረጠው በ84 መንገድ ብቻ ነው። ገደብ ተጨምሮበት እንዴት ይበዛል?

አልማዝ፣ ሰላምና ከበደ ያሉበትን ቡድን ውሰዱ። አንዴ አልማዝ ቀድማ ተመርጣ ሰላምና ከበደ ተከተሏት። ሌላ ጊዜ ሰላም ቀደመች፣ አልማዝና ከበደ ተከተሉ። ያው ቡድን ሁለቴ ተቆጠረ። ሦስቱም ሴቶች ከሆኑማ ሦስቴ ይቆጠራል። መውጫው የማንፈልገውን ቆጥሮ መቀነስ ነው። ሴት የሌለባቸው ቡድኖች 4 ብቻ ናቸው። 84 − 4 = 80።

ዜሮን መርሳት። ባለ 4 አኃዝ ፒን 10,000 አማራጭ አለው፤ 0417ም ይሠራል። ባለ 4 አኃዝ ቁጥር ግን በ0 ስለማይጀምር 9,000 ነው። አኃዝ እንዳይደገም ሲባል ደግሞ 10 × 9 × 8 × 7 ብለው 5,040 የሚጽፉ አሉ። ከእነዚህ 504ቱ በ0 የሚጀምሩ ናቸው። ገደብ ካለበት ቦታ ጀምሩ፦ ለመጀመሪያው 9፣ ለሁለተኛው ዜሮ ስለተመለሰች እንደገና 9፣ ከዚያ 8፣ ከዚያ 7። 4,536።