የነጣ ቸኮሌት አይጣል
የአዳማ ሙቀት ሲበረታ ከሱቅ የተገዛ ቸኮሌት ቤት ሳይደርስ ይለሰልሳል፤ እንደገና ሲጠነክር ደግሞ ፊቱ ነጭ ሽፋን ያወጣል። ሻጋታ አይደለም፣ አትጣሉት። የቸኮሌቱ ስብ የሆነው የካካዎ ቅቤ በ34 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ይቀልጣል፤ ቀልጦ እንዲሁ በዘፈቀደ ሲረጋ ስቡ ወደ ላይ ወጥቶ ይነጣል። የተበላሸው መልኩና ልስላሴው ብቻ ነው፤ ለኬክ ወይም ለትኩስ ወተት አቅልጡት።

ማቀዝቀዣ ውስጥ ከሆነ ግን ክዳኑ በደንብ በሚገጥም ዕቃ ይቀመጥ። የካካዎ ቅቤ ሽታ ይስባል፤ ሽንኩርት ሽንኩርት የሚል ቸኮሌት ማን ይፈልጋል? ስታወጡትም የክፍሉን ሙቀት እስኪይዝ አትክፈቱት። አለበለዚያ እርጥበት ያርፍበትና ስኳሩን አሟሙቶ ሌላ ነጭ ሽፋን ይተዋል፤ ይኼኛው በጣት ሲዳሰስ ይሻክራል፣ የስቡ ግን ሲታሽ ይጠፋል።