ድል ወንበራ፦ ታሪኩን ከተረቱ እንዴት እንለይ?

ሰኞ ወደ ባቲ ገበያ እየሄድን ነው። ኮምቦልቻን አልፈን ቁልቁለቱን ስንጀምር ሹፌሩ «ባቲን የቆረቆረቻት የግራኝ ሚስት ናት፣ ወላሂ፣ ስሟ ራሱ ባቲ ድል ወንበራ ነው» አለ። ሚኒባሱ በሙሉ ዋጠው። እኔም ለአፍታ አምኜ ነበር። ግን «ባቲ» የማዕረግ መጠሪያ ነው፤ እንደኛ «ወይዘሮ» በሉት። ስም ስለገጠመ ብቻ ከተማ አይቆረቆርም።

እና ምን ይደረግ? የሰማችሁትን እንዳለ አትመኑ፣ እንዳለም አትጣሉ። ደብተር አውጡና ቆራርጡት፣ በአንድ መስመር አንድ ነገር ብቻ። ከዚያ ለየመስመሩ መጀመሪያ ማን ጻፈው፣ የማን ወገን ነበር በሉ።

«ከባሏ ጋር ዘምታለች» የሚለውን እንይ። የጻፈው ዓረብ ፈቂህ ነው፣ «ፉቱሕ አል ሐበሻ» በሚባለው የግራኝ ዘመቻ ታሪክ ላይ። ሰውየው የኢማም አሕመድ፣ ማለትም የግራኝ፣ ወገን ስለሆነ ሙገሳውን ቀነስ አድርጋችሁ ስሙት። ነገር ግን ወታደሮቹ የፊተኞቹ አሚሮች ሚስት ይዘው አይዘምቱም ነበር ብለው ማጉረምረማቸውን ያው ራሱ ነው የነገረን፤ የገዛ ሰፈሩን ኩርፊያ ደግሞ ማንም ለማሳመር ብሎ አይፈጥርም። ይቺን አምናታለሁ።

ዓመት ላይ ንቁ። ኢማሙ ከአፄ ገላውዴዎስ ጦር ጋር ሲዋጋ የሞተበት የወይና ደጋ ጦርነት እ.ኤ.አ. በ1543 ነው፣ በኛ የካቲት 1535። ሁለቱን ቁጥር ያየ ሰው ሁለት ጦርነት ይመስለዋል። ደግሞ እጃችን ያለው ፉቱሕ እ.ኤ.አ. 1537 ገደማ ላይ ይቆማል። ስለዚህ «ፉቱሕ እንደሚለው ወይና ደጋ ላይ ድል ወንበራ…» ያላችሁን ሰው ገጹን አሳየኝ በሉት። አያሳያችሁም።

ልጇ መሐመድ ተማርኮ በአፄ ገላውዴዎስ ወንድም በሚናስ መለወጡስ? ይሄ ጠንካራ ነው፤ ሚናስ ተመልሶ ኋላ ነግሷልና።

የሚያስቸግረው የመጨረሻው ነው። የኢማሙን የእህት ልጅ ኑርን አገባች። እ.ኤ.አ. በ1559 ደግሞ ገላውዴዎስ ከኑር ጦር ጋር ሲዋጋ ወደቀ። እስከዚህ ድረስ ታሪክ ነው። «የባሌን ደም ካልመለስክ አላገባህም» አለችው የሚባለውስ? ጓዳ የተባለውን ማን ቆሞ ሰማ? እውነት ሊሆን ይችላል፣ ደግሞም ይጥማል፤ እኔ ግን ከጎኑ «ይባላል» ብዬ አልፌዋለሁ። የሹፌራችን ባቲም እዚያው ገብታለች።