የስልክ ላይ እንስሳችሁን ከመክፈታችሁ በፊት ሰዓቱን አስተካክሉ

በአሮጌ የቁልፍ ስልኮች ላይ ቡችላ ወይም ድመት የምታሳድጉ ሁሉ፣ ባትሪው ወጥቶ ከገባ በኋላ ማታ ጠግቦ የተኛው እንስሳ ታሞ ወይም ሞቶ የሚጠብቃችሁ ከሆነ፣ ጨዋታውን ከመክፈታችሁ በፊት የስልኩን ቀንና ሰዓት አስተካክሉ።

በ1996 እ.ኤ.አ. ጃፓን ውስጥ ለገበያ የቀረበው ታማጎቺ የተባለው በእጅ የሚያዝ የእንስሳ ማሳደጊያ መጫወቻ በራሱ ባትሪ ያለማቋረጥ ጊዜ ይቆጥር ነበር። ጃቫ የሚባሉት የአሮጌ ስልክ ጨዋታዎች ግን በአብዛኛው ሲዘጉ ሥራቸውን ስለሚያቆሙ፣ የተዘጉበትን ሰዓት መዝግበው ይይዙና ዳግም ሲከፈቱ ከስልኩ ሰዓት ጋር አነጻጽረው የመካከሉን ረሃብ በአንድ ጊዜ ያወርዱበታል። ብዙ አሮጌ ስልኮች ባትሪያቸው ሲወጣ ፋብሪካው ወደሞላላቸው የድሮ ቀን ይመለሳሉ፤ በዚያ ቀን ጨዋታውን ከፍታችሁ ከዘጋችሁና በኋላ ትክክለኛውን ቀን ከሞላችሁ፣ ምስኪኑ እንስሳ የዓመታት ጾም ይቆጠርበታል።

በእኛ በሰሜን ሸዋ፣ በተለይ አንድ ስልክ ለቤተሰቡ ሁሉ በሚያገለግልበት ቤት፣ ሌላም ምክንያት አለ። አባት ሰዓቱን በሀገራችን አቆጣጠር ይሞሉታል፤ ልጅ ከጠዋቱ 3 ሰዓቱን ወደ 9 ሲቀይረው እንስሳው ሳይበላ 6 ሰዓት ያልፍበታል። ዓመተ ምሕረቱም ከተቀየረ ልዩነቱ 7 ወይም 8 ዓመት ነው። ስለዚህ በአንዱ አቆጣጠር ተስማምታችሁ ጽኑ።

ረሃቡን ለማስቀረት ብላችሁ ግን ሰዓቱን ወደኋላ አትመልሱ፤ አንዳንድ ጨዋታዎች ይዛባሉ፣ የማለዳው ደወልም ያለ ሰዓቱ ይጮኻል። ጊዜን ከኢንተርኔት በሚወስዱ ጨዋታዎች ላይ የስልኩን ሰዓት መቀየር ለውጥ አያመጣም።