ደረታችንን እየመታን ምን እያልን ነው? የዮም ኪፑርን ቪዱይ ከማኅበሩ ጋር ለማለት

ዮም ኪፑር፣ የማስተሰረያው የጾም ቀን፣ ሲቃረብ፣ በቤት ክኔሴታችን፣ በምኩራባችን፣ በሴቶቹ በኩል አብረውኝ የሚቆሙ ከኢትዮጵያ የመጡ እናቶች አንድ ነገር ደጋግመው ይጠይቁኛል። «ልጄ፣ ያን ደረታችንን እየመታን የምንለውን፣ ምን እያልን ነው?» ይላሉ። ሐቃቸውን ነው። ጸሎቱን የሚመራው ሃዛን ይፈጥናል፣ የበዓሉ የጸሎት መጽሐፍ ማህዞሩ ወፍራም ነው፣ ፊደሉ ደቃቅ ነው። ዕብራይስጥ መማሪያው ኡልፓን የገባው ልጆች ካሳደገ በኋላ ለሆነ ሰው ገጹን ማግኘት ራሱ ፈተና ነው። ይህን የምጽፈው ለእነሱ፣ እነሱን ይዘው ለሚሄዱ ልጆችና ለልጅ ልጆችም ነው።

ጸሎቱ ቪዱይ ይባላል፣ ኑዛዜ ነው። ከክርስቲያን ጎረቤት ጋር ላደገ ሰው ኑዛዜ ሲባል የሚታየው አንዱ ካህን ፊት ለብቻው ቀርቦ ሲናገር ነው። ይሄ እንደዚያ አይደለም። መሃል የሚገባ ሰው የለም። ራቢውም፣ ሃዛኑም፣ በር ላይ የቆመው ሰውዬም እኩል ቆመው በቀጥታ ለፈጣሪ ይናዘዛሉ። ሁሉም ነገር ደግሞ በ«እኛ» ነው። «በደልሁ» ብሎ የሚጀምር የለም፤ «በደልን» ነው።

ይህን «እኛ» ከያዛችሁ ሌላው ቀላል ነው። «ይሄስ የእኔ አይደለም» ብላችሁ መስመር አትዝለሉ። በጽፋት ከተማ የነበረው ሊቅ አሪ፣ ራቢ ይስሐቅ ሉሪያ፣ እስራኤል ሁሉ አንድ አካል ስለሆነ ያላጠፋውም ሰው ስላጠፋው ወንድሙ ይናዘዛል ብሎ ያስተምር ነበር። በሌላ በኩል ግን ከ«እኛ» ጀርባ አትደበቁ። የራሳችሁን ጥፋት ሕዝብ መሃል ጥላችሁ መሄድ አይቻልም። እኔ ከዓመት ዓመት የማየው ትልቁ ችግር ይሄኛው ነው።

ስለዚህ ሥራው የሚጀምረው ከቤት ክኔሴት በፊት ነው። በጥንቱ የጠቢባን ሕግ ስብስብ በሚሽና፣ ዮማ በሚባለው ክፍል፣ በግልጽ ተቀምጧል፦ በሰውና በፈጣሪ መካከል ያለውን ዮም ኪፑር ያስተሰርያል፤ በሰውና በሰው መካከል ያለውን ግን የተበደለውን እስካላስታረቁ ድረስ አያስተሰርይም። ገንዘብ ካለባችሁ ክፈሉ። የእቁብ ይሁን የብድር፣ ከዋዜማው በፊት ይከፈል። ክፉ ቃል ከሆነ ሂዱ፣ ወይም ደውሉ። እምቢ ካሏችሁ ጠቢባኑ ሦስት ሰው ይዛችሁ እስከ ሦስት ጊዜ እንድትመለሱ ይላሉ። ለእኛ ይሄ እንግዳ ነገር አይደለም፤ ሽምግልና የምንለው ነው። ሽማግሌ መላክ ያፈረበት ቤት ካለ ዘንድሮ ይላክ።

በዋትሳፕ ግሩፕ ለሁሉም የሚላከውን «ያስቀየምኳችሁ ካላችሁ ይቅርታ» የሚል መልእክት በተመለከተ አቋሜን ልናገር። ለሰላምታ ጥሩ ነው። ለበደል ግን አይሆንም። የተጎዳችው ሴት ስሟ ተጠርቶ፣ ያደረግነው ነገር ተነግሮ ነው ይቅርታ የምትጠየቀው። መቶ ሰው ላለበት ግሩፕ የተላከ ይቅርታ ለማንም አልተላከም።

አሁን ወደ ጸሎቱ። ቪዱይ በዮም ኪፑር 10 ጊዜ ይባላል። የመጀመሪያው በዋዜማው፣ በቲሽሪ ወር 9 በከሰዓቱ ጸሎት በሚንሃ ላይ፣ ከመጨረሻው ምግብ በፊት ነው። ለምን ምግብ ሳይበላ? ሚሽናን የሚያብራራው ታልሙድ ምክንያቱን ይነግረናል፦ በማዕዱ መሃል ሰው አንድ ነገር ቢደርስበት ሳይናዘዝ እንዳይቀር። ከዚያ በማታው፣ በጠዋቱ፣ በተጨማሪው ጸሎት በሙሳፍ፣ በከሰዓቱ ጸሎትና በመዝጊያው በነዒላ ይባላል። ሊቀ ካህኑ በቤተ መቅደስ በዚያ ቀን የፈጣሪን ስም 10 ጊዜ ይጠራ ስለነበር ቁጥሩ ከዚያ ጋር ይያያዛል። ለብቻችሁ በዝምታ ስትጸልዩ ቪዱይን የምታገኙት ቆመን የምንጸልየው ዋናው ጸሎት፣ አሚዳው፣ መጨረሻ ላይ ነው። ሃዛኑ ሲደግም ግን መሃል ላይ ስለሚመጣ ሰዉ ተነሥቶ አብሮ ይላል።

አቋቋሙ እንዲህ ነው። ትቆማላችሁ። ወገባችሁን ትንሽ ጎንበስ ታደርጋላችሁ፤ በአሚዳው የምስጋና ክፍል «ሞዲም» ሲባል እንደምናደርገው። ወንበርም ሆነ ግድግዳ አትደገፉ። መቆም የሚያቅተው በሽተኛና አቅመ ደካማ ተቀምጦ ይበል፣ ኃጢአት የለበትም። ቀኝ እጃችሁን ጨብጡና በእያንዳንዱ ቃል ልብ ያለበትን ቦታ ንኩ። ሰበቡ ልብ ነውና እሱን ነው የምንነካው። መደብደብ አያስፈልግም። እማዬ በነጠላዋ ላይ የምትመታው ሕፃን እንደምታስተኛ ነው፤ ቀስ እያለች፣ ግን አንድም ቃል ሳትስት። አጠገቧ ሆኜ ብዙ ዓመት አይቻታለሁ፤ ከእሷ የተሻለ አስተማሪ አላገኘሁም።

ቪዱይ የሚከፈተው «አቫል አናሕኑ ቫአቮቴኑ ሃታኑ» በሚል ነው። እኛና አባቶቻችን በድለናል ማለት ነው። ከዚያ በፊት ያለው ዓረፍተ ነገር፣ ጻድቃን ነን፣ አልበደልንም ብለን በፊትህ ለመናገር ፊታችን የደፈረ፣ አንገታችን የደነደነ አይደለም ይላል። የሕግ ሊቁ ራምባም (ማይሞኒደስ)፣ የቪዱይ ዋናው «እኛ ግን በድለናል» ማለት ነው ይላል። ስለዚህ ሃዛኑ ከፈጠነባችሁና ከጠፋባችሁ እዚህች ቃል ላይ ቁሙ። በአማርኛም ቢሆን በሏት።

ቀጥሎ «አሻምኑ» ይመጣል። በዕብራይስጥ ፊደል ተራ ከአሌፍ እስከ ታቭ ይሄዳል፤ 22 ፊደል ነው፣ ታቭ ሦስቴ ስለሚመጣ 24 ይሆናል። ብዙ እናቶች ዜማውን ያውቁታል፣ ፍቺውን ግን ማንም አልነገራቸውም። እንግዲህ ይኸውላችሁ፦

አሻምኑ፣ በደልን። ባጋድኑ፣ ከዳን። ጋዛልኑ፣ ቀማን። ዲባርኑ ዶፊ፣ ሰው አማን። ሄኤቪኑ፣ ሌላውን አጣመምን። ቬሂርሻዕኑ፣ ሌላውን ወደ ክፋት መራን። ዛድኑ፣ ሆን ብለን አጠፋን። ሐማስኑ፣ ግፍ ሠራን። ታፋልኑ ሼኬር፣ በሰው ላይ ውሸት ለጠፍን። ያዓጽኑ ራ፣ ክፉ መከርን። ኪዛቭኑ፣ ዋሸን። ላጽኑ፣ አፌዝን። ማራድኑ፣ አመፅን። ኒአጽኑ፣ አቃለልን። ሳራርኑ፣ እምቢ አልን። አቪኑ፣ ጠመምን። ፓሻዕኑ፣ ሕግ ተላለፍን። ጻራርኑ፣ ሰው አስጨነቅን። ኪሺኑ ኦሬፍ፣ አንገታችንን አደነደንን። ራሻዕኑ፣ ከፋን። ሺሐትኑ፣ ተበላሸን። ቲዓቭኑ፣ ረከስን። ታዒኑ፣ ተሳሳትን። ቲዕታዕኑ፣ አሳሳትን።

ይህን ዝርዝር በትልቅ ፊደል ጽፋችሁ ወይም አሳትማችሁ ማህዞሩ ውስጥ አስገቡላቸው። በዓሉ ከመግባቱ በፊት ይደረግ፤ በዕለቱ መጻፍም ስልክ መክፈትም አይቻልም። የስፋራዲ፣ የስፔንና የምሥራቅ አይሁድ፣ ማህዞር ከያዛችሁ በየፊደሉ ተጨማሪ ቃላት ታገኛላችሁ፤ ዝርዝሩ ይረዝማል። አትደናገጡ፤ መሠረቱ ያው ነው። ከዝርዝሩ የቀረባችሁ ካለ ዝም ብላችሁ ሃዛኑ ያለበት ላይ ግቡ። ሩጫ አይደለም።

ከአሻምኑ በኋላ «አል ሔት» ይመጣል። እያንዳንዱ መስመር «አል ሔት ሼሃታኑ ለፋኔኻ» ብሎ ይጀምራል፤ በፊትህ ስለ ሠራነው ኃጢአት ማለት ነው። በአሽከናዚ፣ በአውሮፓ አይሁድ፣ ማህዞር 44 መስመር ነው፤ በስፋራዲው ያጥራል። መሃል መሃል ላይ ሁሉም ድምፁን ከፍ አድርጎ፦ «ቬአል ኩላም ኤሎሃ ስሊሖት፣ ስላሕ ላኑ፣ ምሐል ላኑ፣ ካፔር ላኑ» ይላል። ስለ እነዚህ ሁሉ፣ የይቅርታ አምላክ ሆይ፣ ይቅር በለን፣ ማረን፣ አስተሰርይልን። አባቶቻችን ይህን ቀን አስተሰርዮ ይሉት ስለነበር ይቺን መስመር አረጋውያኑ ወዲያው ይይዟታል።

አል ሔት ውስጥ የሚዘረዘረውን ልብ ብላችሁ ስሙት። ትልልቅ ወንጀል አይደለም የሚበዛው። አፍ ነው የሚበዛው። ክፉ ወሬ፣ ሐሜት፣ የከንቱ መሐላ፣ የቂል ንግግር። በንግድና በገንዘብ፣ በወለድ፣ በመብልና በመጠጥ፣ በቅናት ዓይን፣ በከንቱ ጥላቻ። አንዷን መስመር ደግሞ ብዙ ሰው ሳያያት ያልፋል፦ «በቪዱይ ፔ»፣ በአፍ ብቻ ስለ ተናዘዝነው። ኑዛዜው ራሱን ኑዛዜ ውስጥ አስገብቶታል። እዚህ ላይ እኔ ሁልጊዜ ትንፋሽ እወስዳለሁ።

በማኅበረሰባችን የሚያመን መስመር ግን «በዚልዙል ሆሪም ኡሞሪም» የሚለው ነው። ወላጆችንና አስተማሪዎችን ስለ ማቃለል። የእኛ ልጆች በልጅነታቸው ለወላጆቻቸው አስተርጓሚ ሆነው ነው ያደጉት። ባንክ፣ የጤና መድኑ ኩፓት ሆሊም፣ ትምህርት ቤት ስብሰባ። የአሥር ዓመት ልጅ አባቱን ወክሎ ይናገራል፤ ጸሐፊዋም ልጁን እያየች ታወራለች እንጂ አባትየውን አታየውም። ልጁም ቀስ በቀስ አባቱን ማየት ያቆማል። «ተወው፣ አይገባህም» የምትል ቃል ቤት ውስጥ ትገባለች። በኢትዮጵያ አገር ሽማግሌ ሆኖ ሰው ሲያስታርቅ የኖረ አባት፣ በራሱ ሳሎን ውስጥ ልጁ «አይገባህም» ሲለው ዝም ይላል። ይሄ ዝምታ ይቆጠራል። ልጆች ይህን መስመር ስትሉ ፊታችሁ ላይ አንድ ቀን፣ አንድ ቢሮ፣ አንድ ቃል ይምጣላችሁ። ከጾሙ በፊት አባታችሁ ጋ ሂዱና ጉልበት ሳሙ። ወላጆችም ይሄ መስመር የልጆች ነው ብላችሁ አትለፉት። እኛስ የወላጆቻችንን ነገር በስንት መንገድ ቸል ብለናል? «እኛና አባቶቻችን» ብለን አይደል የጀመርነው?

የራሳችሁን ነገር የምትጨምሩት እዚህ ነው። በዝምታ በምትጸልዩበት ጊዜ፣ ከምታነቡት መስመር ጎን፣ ያደረጋችሁትን በሹክሹክታ ተናገሩ። ሹልሃን አሩክ፣ የ16ኛው ክፍለ ዘመኑ የራቢ ዮሴፍ ካሮ የሕግ መጽሐፍ፣ በለሆሳስ የሚናዘዝ ሰው ኃጢአቱን ቢዘረዝር መልካም ነው ይላል። ምክንያቱም ሁሉም ሰው እኩል የሚለው ዝርዝር ጸሎት ነው እንጂ የእናንተ የግል ታሪክ አይደለም። ጮክ ብላችሁ ግን አትዘርዝሩ፣ የሌላውንም ሰው ስም አታንሡ። ራምባም ንስሐ ምን እንደሆነ ሲናገር ይሄን ይላል፦ ኃጢአቱን መተው፣ ዳግም ላለመመለስ በልብ መቁረጥ፣ መጸጸት፣ ከዚያም በአፍ መናገር። አፍ የመጨረሻው ነው።

በምን ቋንቋ? በምትችሉት። ሚሽና ሶታ ጸሎት በየትኛውም ቋንቋ ሊባል እንደሚችል ይናገራል። በአማርኛ ወይም በትግርኛ በሹክሹክታ የተናዘዘች እናት ከማንም አታንስም። ወጣቶች፣ እባካችሁ እናቶቻችሁን «በዕብራይስጥ ነው የሚባለው» እያላችሁ አታሸማቅቁ። ይልቅ ገጹን ፈልጉላቸው፣ ጣታችሁን መስመሩ ላይ አድርጉላቸው።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ነዒላ ይመጣል። እዚህ አሻምኑ ይባላል፣ ረጅሙ አል ሔት ግን የለም። በቦታው «አታ ኖቴን ያድ ለፖሽዒም» የሚል ይመጣል፤ ለበደለኞች እጅህን ትዘረጋለህ ማለት ነው። ደክሟችኋል፣ ጉሮሮ ደርቋል። ኃይል ያስቀራችሁ እንደሆነ ለዚህ አስቀሩት። ከዚያ የቀንድ መለከቱ ሾፋር ይነፋል፣ ጾሙ ያልቃል።

ለሽማግሌዎቻችን አንድ ነገር ንገሩልኝ። በማኅበር መናዘዝን እስራኤል መጥተው አልተማሩትም። በዓላችን ስግድ ማለት እኮ ይሄ ነው። ቄሶቹ ኦሪቱን ይዘው፣ ሕዝቡ ድንጋይ ተሸክሞ ተራራ ሲወጣ፣ በግዕዝ ሲነበብ፣ የሚከተሉት ነህምያ ምዕራፍ 9ን ነበር፤ እስራኤላውያን ጾመው ቆመው የራሳቸውንና የአባቶቻቸውን ኃጢአት የተናዘዙበትን። ስግድ ከዮም ኪፑር በ50ኛው ቀን፣ በሄሽቫን ወር 29 ይውላል፤ ከ2008 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በእስራኤል ፓርላማ፣ በክኔሴት፣ ሕግ የመንግሥት በዓል ነው። ለስግድ ኢየሩሳሌም ወዳለው አርሞን ሃነጺቭ ኮረብታ ስትወጡ የአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስ ያዙ። ነህምያ 9ን ቀድማችሁ ከልጆቹ ጋር አንብቡት፤ አንዱን ቁጥር እናንተ በአማርኛ፣ አንዱን እነሱ በዕብራይስጥ። በዮም ኪፑር ለመክፈል ቃል የገባችሁት ዕዳ ካለ፣ ከዚያ ቀን በፊት ይከፈል።