ጅራታም ኮከብ ከኦርት ደመና መምጣቱን በስሌት እንዴት ማረጋገጥ ይቻላል

ከኔፕቲዩን እጅግ ርቆ ሥርዓተ ፀሐይን በሁሉም አቅጣጫ የከበበውን የበረዶ አካላት ክምችት፣ ማለትም የኦርት ደመናን፣ በቴሌስኮፕ ያየ ሰው እስካሁን የለም። የመኖሩ ማስረጃ የተገኘው ከዚያ ተነሥተው ወደ ፀሐይ የሚመጡትን ጅራታም ኮከቦች መንገድ ወደ ኋላ በማስላት ነው። ሆላንዳዊው የሥነ ፈለክ ሊቅ ያን ኦርት እ.ኤ.አ. በ1950 ይህን ድምዳሜ ሲያቀርብ መሠረት ያደረገው ምሕዋራቸው በጥንቃቄ የተሰላ 19 ጅራታም ኮከቦችን ብቻ ነበር። የስሌቱ ዋና ክፍል ማካፈልንና ዳግም ዘርን ከሚያውቅ ተማሪ አቅም በላይ ስላልሆነ፣ ማንም ሰው በራሱ እጅ ሊሞክረው ይገባል ብዬ አምናለሁ።

በመጀመሪያ የርቀቱን ልክ በዓይንዎ ይያዙ። መለኪያችን ከፀሐይ እስከ መሬት ያለው አማካይ ርቀት፣ ማለትም ወደ 150 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር የሚጠጋው ነው፤ ይህንንም አንድ አሃድ እንበለው። አንዱን አሃድ በ1 ሴንቲ ሜትር ወክለው የ30 ሴንቲ ሜትር የተማሪ ማስመሪያ ጠረጴዛ ላይ ቢያስቀምጡ፣ ፀሐይ ዜሮ ላይ፣ መሬት 1 ላይ፣ ኔፕቲዩን ደግሞ ማስመሪያው የሚያልቅበት ቦታ ላይ ይውላሉ። የኦርት ደመና ውጫዊ ክፍል ይጀምራል የሚባለው ግን 20,000 አሃድ ላይ ስለሆነ፣ እዚያ ለመድረስ ከቤት ወጥተው 200 ሜትር መራመድ ያስፈልጋል፤ የደመናው ዳርቻ 100,000 አሃድ ላይ ነው ከተባለም መንገዱ አንድ ኪሎ ሜትር ይሆናል።

ቀጥሎ የሚመረምሩትን ጅራታም ኮከብ ይምረጡ። የናሳ ጄት ፕሮፐልሽን ላቦራቶሪ ለሁሉም ክፍት ባደረገው የጥቃቅን አካላት የመረጃ ቋት የእያንዳንዱ ጅራታም ኮከብ የምሕዋር ቁጥሮች ተዘርዝረዋል። ከእነዚህ መካከል ሁለቱን ይጻፉ፦ አንደኛው ኮከቡ ለፀሐይ በጣም የሚቀርብበት ርቀት ሲሆን፣ ሁለተኛው ምሕዋሩ ምን ያህል እንደተለጠጠ የሚያሳየው ኢክሰንትሪሲቲ ነው። ስሙ በ«ፒ» የሚጀምር ከሆነ ፀሐይን ቶሎ ቶሎ የሚዞር ነውና፣ ለዚህ ሥራ በ«ሲ» የሚጀምሩትን ይፈልጉ።

ስሌቱን ግን መልሱ በሚታወቀው በሃሌይ ይለማመዱ። ኢክሰንትሪሲቲው 0.9671፣ ቅርብ ርቀቱ 0.586 አሃድ ነው። ከ1 ላይ 0.9671 ሲቀነስ 0.0329 ይቀራል፤ 0.586 ለዚህ ሲካፈል ወደ 17.8 ይሆናል። ይህ የምሕዋሩ ረጅም ወገብ፣ ማለትም ከጫፍ እስከ ጫፍ ያለው ትልቁ ርቀት፣ ግማሽ ነው፤ ከዚህ በኋላ ግማሽ ወገብ እንለዋለን። 17.8ን በራሱ ዳግም ዘር፣ በ4.22፣ ሲያባዙ የአንድ ዙረቱን ጊዜ በዓመት፣ 75 ገደማ፣ ያገኛሉ፤ ሃሌይም በእርግጥ ከ75 እስከ 76 ዓመት ባለው ጊዜ አንዴ ይመለሳል። እዚህ የተጠቀምንበት የዙረትን ጊዜ ከምሕዋር ስፋት ጋር የሚያያይዘው የኬፕለር ሦስተኛ ሕግ ነው።

ወደ ሩቆቹ ሲሻገሩ ከሁሉ በላይ ለአስርዮሽ ቤቶች ይጠንቀቁ። ቅርብ ርቀቱ 1 አሃድ ለሆነ ጅራታም ኮከብ፣ ኢክሰንትሪሲቲው 0.9999 ከሆነ ግማሽ ወገቡ 10,000 አሃድ ነው፤ 0.99999 ከሆነ ግን 100,000 ይሆናል። አንዲት ዘጠኝ ብቻ ውጤቱን አሥር እጥፍ ስለምትቀይር፣ ቁጥሩን በፍጹም አያጠጋጉ። ኦርትም የሠራው በግማሽ ወገቡ ግልባጭ ነበር፤ ይህም ማለት ከ1 ላይ ኢክሰንትሪሲቲውን ቀንሶ ቀሪውን ለቅርብ ርቀቱ ማካፈል ነው።

ብዙ ጀማሪዎች የሚሳሳቱት ከዚህ በኋላ ባለው ደረጃ ነው። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2024 ብዙዎች በዓይናቸው ያዩት ጹቺንሻን–አትላስ፣ ፀሐይ አጠገብ ሳለ የተሰጠው ኢክሰንትሪሲቲ ከ1 በጥቂቱ ይበልጣል፤ በዚህ ከሰሩ ግማሽ ወገቡ ከዜሮ በታች ይወጣል፤ መንገዱ ወደ ፀሐይ የማይመለስ ይመስላል ማለት ነው። ይህ ኮከቡ ከሌላ ፀሐይ መጣ ማለት አይደለም። የፕላኔቶች፣ በተለይም የጁፒተር፣ ስበት መንገዱን ስለሚያዛባ ነው። ሄል–ቦፕ እ.ኤ.አ. በ1996 በጁፒተር አቅራቢያ በማለፉ ብቻ የዙረቱ ጊዜ ከ4,200 ዓመት ገደማ ወደ 2,500 ገደማ ወርዷል። ስለዚህ የሚያስፈልገው ጅራታም ኮከቡ ፕላኔቶች ዘንድ ከመድረሱ በፊት የነበረው ምሕዋር ነው። ይህንንም ያው ላቦራቶሪ ባዘጋጀው ሆራይዘንስ በተባለው የስሌት አገልግሎት፣ ለምሳሌ እ.ኤ.አ. የ1900ን ዓመት በማስገባትና ማዕከሉን ከፀሐይ ወደ መላው ሥርዓተ ፀሐይ የክብደት ማዕከል በመቀየር ማግኘት ይቻላል።

አሁን ያገኙትን ግልባጭ ከ0.00005 ጋር ያወዳድሩ። ከዚህ ካነሰ ግማሽ ወገቡ ከ20,000 አሃድ ይበልጣል። ከኦርት 19 ጅራታም ኮከቦች ግማሽ ያህሉ በዚህች ጠባብ ክልል ውስጥ ተከማችተው ተገኙ። የክርክሩ ውበት ያለው እዚህ ላይ ነው፦ በፕላኔቶች መካከል አንድ ጊዜ ማለፍ ብቻውን ግልባጩን ከዚህ ወሰን በብዙ እጥፍ ስለሚለውጠው፣ ቀድሞ የመጣ ጅራታም ኮከብ በክምሩ ውስጥ የመቆየት ዕድሉ አነስተኛ ነው። በክምሩ ያሉት በአብዛኛው ለመጀመሪያ ጊዜ የሚመጡ እንግዶች ናቸው ማለት ነው፤ እንግዶቹ ከየአቅጣጫው መምጣታቸውም ማከማቻው እንደ ሳህን የተዘረጋ ሳይሆን እንደ ኳስ ዙሪያውን የከበበ መሆኑን ያመለክታል።

ለመለማመጃ የምመክረው ከ100 ኪሎ ሜትር በላይ ስፋት ያለውን በርናርዲኔሊ–በርንስታይንን ነው። ወደ እኛ ሲመጣ የነበረው ግማሽ ወገብ ወደ 20,000 አሃድ ስለሚጠጋ፣ በዳግም ዘሩ በ141.4 ሲባዛ አንድ ዙረቱ 2.8 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ይወጣል። ይህ ጅራታም ኮከብ እ.ኤ.አ. በጥር 2031 ከሳተርን ምሕዋር ጥቂት ወጣ ብሎ፣ 11 አሃድ ያህል ርቀት ላይ፣ ፀሐይን ዞሮ ይመለሳል። እስከዚያ ድረስ አዳዲስ ምልከታዎች በተጨመሩ ቁጥር የምሕዋሩ አኃዞች ስለሚታረሙ፣ በወረቀትዎ ላይ ቁጥሮቹን የወሰዱበትን ቀን ይጻፉና በየዓመቱ ስሌቱን ይድገሙት።