አሮጌ ማክ ላይ አዲስ ማክኦኤስ ሲጫን ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

አፕል ለ2012 ማክቡክ ፕሮ የፈቀደው የመጨረሻ ሲስተም ካታሊና ነው። ኦፕንኮር ሌጋሲ ፓቸር (አፕል በተዋቸው ማኮች ላይ አዲስ ሲስተም የሚያስጭን ፕሮግራም) ግን አዲሶቹን ሶኖማንና ሴኮያን ሳይቀር ያስጭነዋል። አብዛኛው ጣጣ የሚመጣው ግን ከተጫነ በኋላ ነው።

ከየትም ማውረድ። ፕሮግራሙ ነፃ ነው፤ የሚወርደውም ከሠሪዎቹ፣ ከዶርታኒያ የጊትሀብ ገጽ ነው። ገንዘብ የሚጠይቅ ካለ እለፉት። ከመጀመራችሁ በፊት ባክአፕ መያዝ መቼም የሚነገር አይደለም፣ ግዴታ ነው።

የተሳሳተ ምልክት መምረጥ። በፓቸሩ ያዘጋጃችሁትን ፍላሽ ሰክታችሁ፣ የኪቦርዱን ኦፕሽን ቁልፍ ተጭናችሁ ማኩን ስታስነሱ ኢንስቶለሩና ኢኤፍአይ ቡት (ኦፕንኮርን የሚያስነሳው ምልክት) ጎን ለጎን ይመጣሉ። የሰው እጅ ቶሎ የሚሄደው ወደ ኢንስቶለሩ ነው። ያኔ ስክሪኑ ላይ የተሰረዘ ክብ ይወጣና ማሽኑ ቀጥ ይላል። መጀመሪያ ኢኤፍአይ ቡትን፣ ቀጥሎ ኢንስቶለሩን ምረጡ።

ኦፕንኮርን ፍላሹ ላይ ብቻ መተው። ጫኑ፣ ሠራ፣ ፍላሹን ነቀሉ፤ በማግስቱ ማኩ አልነሳም። ሲስተሙ ዲስኩ ላይ ቢሆንም የሚያስነሳው ኦፕንኮር ገና ፍላሹ ላይ ነዋ! ፓቸሩን ከፍታችሁ ወደ ውስጠኛው ዲስክ ጫኑት።

ሩት ፓችን (ሲስተሙ ከተጫነ በኋላ ፓቸሩ የሚጨምርለትን ማስተካከያ) መዝለል። ስክሪኑ ሲንቀራፈፍ ብዙዎች ማሽኑ አርጅቷል ይላሉ። የጎደለው ግን አፕል ከአዲሱ ሲስተም ያስቀረው የግራፊክስ ድራይቨር ነው፤ ሩት ፓች የሚመልሰውም እሱን ነው። ሶኖማ ላይ የድሮዎቹ የብሮድኮም ዋይፋይ ካርዶችም ያለ ፓች አይሠሩም። ችግሩ፣ ፓቹ ራሱ ብዙ ጊዜ ከኢንተርኔት የሚያወርደው ፋይል አለ። ስለዚህ የኔትወርክ ኬብል ወይም በገመድ የሚሰካ አይፎን አዘጋጁ።

ኪቦርዱ ሞተ ብሎ መደንገጥ። በ2010ና ከዚያ በፊት በተሠሩ ማኮች ላይ የቬንቱራ ኢንስቶለር ኪቦርዱንና ትራክፓዱን ላያውቃቸው ይችላል። የዩኤስቢ 2 ሃብ ሰክታችሁ የውጭ ኪቦርድና ማውስ በእሱ በኩል ተጠቀሙ።

በ4 ጊጋ ራምና በሃርድ ዲስክ መሞከር። ይጫናል፤ አይሠራበትም። የ2012 ባለ 13 ኢንች ማክቡክ ፕሮ፣ ሬቲና ያልሆነው፣ ራሙም ዲስኩም ይቀየራል። እኔ ብሆን ኤስኤስዲ ሳላስገባለት አልነካውም። የሬቲናው ራም ግን ቦርዱ ላይ የተበየደ ስለሆነ ባለው መብቃቃት ነው።

አውቶማቲክ አፕዴትን ክፍት መተው። ከሁሉ የሚያስመርረው ይሄ ነው። አፕዴቱ የሲስተሙን ክፍል በአዲስ ስለሚተካው ፓቹ አብሮ ይጠፋል፤ ጠዋት ስትከፍቱት ዋይፋይ የለም፣ ስክሪኑ ይንቀራፈፋል። አውቶማቲኩን ዝጉት። አዲስ ቨርዥን ሲመጣ መጀመሪያ ፓቸሩን አድሱ፣ ኦፕንኮርን እንደገና ዲስኩ ላይ ጫኑ፣ ከዚያ ሲስተሙን አፕዴት አድርጉ፣ በመጨረሻም ሩት ፓቹን ድገሙት።