የፖሊኔዥያን ሽርጥ እንደ ወጉ ስለ ማሰር

በለገጣፎ አንድ ትምህርት ቤት የልዩ ልዩ ሕዝቦችን ባህል የሚያሳይ በዓል ባዘጋጀ ጊዜ፣ በፓስፊክ ውቅያኖስ ካሉት የፖሊኔዥያ ደሴቶች መካከል የቶንጋን አለባበስ የሚያሳዩትን ልጆች የማልበሱ ኃላፊነት ለእኔ ተሰጠኝ። ሰፊ ከሆነ ያምራል ብዬ፣ ከገበያ ካገኘኋቸው ሰሌኖች መካከል ትልቁንና ዳሩ የተተረተረውን መርጬ በጥጥ ሽርጣቸው ላይ ጠመጠምኩላቸው። በኋላ ሳነብ እንደተረዳሁት፣ በቶንጋ እንዲህ ያለ ትልቅና የነተበ ሰሌን የሚታጠቀው ሐዘንተኛ ነው። ሙሽራን ነጠላዋን አዘቅዝቆ አልብሶ ወደ ሠርጓ እንደመላክ ያለ ስሕተት ነበርና እስካሁን ይቆጨኛል። ስለዚህ ከዚህ በታች አስተሳሰሩን ከነትርጉሙ አስቀምጣለሁ።

ይህ የፖሊኔዥያ ሽርጥ በሳሞአ ላቫላቫ፣ በቶንጋ ቱፔኑ፣ በታሂቲ ፓሬኡ ይባላል፤ ወንዱም ሴቷም ይለብሱታል። የጥጥ ጨርቅ በአውሮፓውያን መርከብ ከመምጣቱ በፊት የደሴቶቹ ሰዎች ከሾላ ጋር አንድ ቤተሰብ ከሆነ ዛፍ የውስጡን ልጥ እየላጡ፣ ውሃ ውስጥ እየዘፈዘፉና በእንጨት እየቀጠቀጡ ስስ ጨርቅ ያወጡ ነበር። ይህ ሥራ ዛሬም አልቀረም፤ ሳሞአዎች ሲያፖ፣ ቶንጋዎች ንጋቱ ይሉታል።

ለአዋቂ ሰው 2 ሜትር ያህል ርዝመትና 1.10 ሜትር ያህል ወርድ ያለው የጥጥ ጨርቅ ይበቃል። የሚያንሸራትት ጨርቅ አይግዙ፤ ሽርጡን የሚይዘው ቋጠሮ ሳይሆን የጨርቁ መተሻሸት ነውና። ጨርቁን ከኋላዎ አግድም ዘርግተው ሁለቱን የላይ ጥጎች ወደ ፊት ያምጡ። የቀኙን ጥግ ወደ ግራ ዳሌዎ ወስደው አጥብቀው ይያዙት፤ የግራውን በላዩ አሳልፈው ወደ ቀኝ ዳሌዎ ያድርሱና ጫፉን ወደ ውስጥ ይሸጉጡት። ከዚያም ሆድዎን ሳብ አድርገው የላይኛውን ዳር ዙሪያውን ሁለት ጊዜ ወደ ውጭ ይጠቅልሉ፤ ሆድዎን ሲለቁት ጥቅልሉ እንደ መቀነት ይጠብቃል። ቁመቱ እስከ ባት አጋማሽ ቢደርስ መልካም ነው። ሳይቀመጡ፣ ሳይነሡና ደረጃ ሳይወጡ ግን ታስሯል አይበሉ። የለገጣፎ ነፋስ የደሴት ነፋስ አይደለምና ለልጆች ከሥር ቁምጣ ያልብሱ።

ይህ የቤትና የመንገድ አለባበስ ነው። ለክብር ቦታ የሳሞአ ወንዶች ኪስ ያለውንና አንድ ቀለም የሆነውን ኢዬ ፋይታንጋ ይለብሳሉ፤ የሳሞአ ፖሊሶች የደንብ ልብስም ሽርጥ ነው። በቶንጋ ደግሞ ወደ ቤተ ክርስቲያን ወይም ወደ ክብር ስብሰባ የሚሄድ ሰው በቱፔኑው ላይ ታኦቫላ የሚባለውን፣ ፓንዳነስ ከሚባል ረጃጅም ቅጠል ካለው ተክል የተሠራ ሰሌን ይጠመጥማል፤ ሴቶች በእሱ ፈንታ ኪኤኪኤ የሚባል ጌጠኛ መታጠቂያም ይታጠቃሉ። ታኦቫላ ወይም ኪኤኪኤ ሳይታጠቁ በክብር ቦታ መገኘት እንደ ንቀት ይቆጠራል።

የእኛን የዘንባባ ሰሌን ለማሳያ ከተጠቀሙ፣ እንዳይሰበር ቀድመው ውሃ ይርጩበትና ጥቂት ያቆዩት። ከወገብ እስከ ጉልበት በሚደርስ ልክ አንድ ዙር ጠምጥመው በገመድ ይሰሩት፤ ቶንጋዎች ለዚህ ከኮኮናት ቃጫ የተጎነጎነ ካፋ የሚባል ገመድ አላቸው። ለደስታ ቀን ንጹሕና ዳሩ የተስተካከለ ሰሌን ይምረጡ። ይሁን እንጂ አሮጌ ሁሉ የሐዘን አይደለም፤ ከአያት የወረደ፣ በዕድሜ ብዛት የጠቆረ ታኦቫላ ከአዲሱ ይልቅ የተከበረ ነው። በለቅሶ ጊዜ ጥቁር ይለበሳል፤ የሰሌኑ መጠንም ሐዘንተኛው ለሟቹ ያለውን የዝምድና ደረጃ ይናገራል። በማዕረግ ከሟቹ በታች የሆነ ዘመድ ትልቁንና የተቀዳደደውን ሲጠመጥም፣ በላይ የሆነው ግን ጥሩውን ይታጠቃል። ነጠላ አዘቅዝቆ መልበስ የልብን ሐዘን እንደሚናገር ለምናውቅ ለእኛ ይህ እንግዳ ነገር አይደለም።

በሳሞአ ያለው ረቂቅ ሰሌን ከዚህም የከበደ ነው። በሠርግና በለቅሶ ከቤተሰብ ወደ ቤተሰብ ይሰጣል፤ ዩኔስኮም እ.ኤ.አ. በ2019 በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ አስፍሮታል። ከባድ በደል የፈጸመ ወገን በተበዳዩ ቤት ደጅ ይህን ሰሌን ተከናንቦ ይንበረከካል፤ የቤቱ ሰዎች ወጥተው ሰሌኑን ከላዩ ካነሡለት ይቅር ተብሏል ማለት ነው። ሥርዓቱ ኢፎንጋ ይባላል፤ ድንጋይ ተሸክሞ እግር ላይ የሚወድቅን ሰው ላየ አገር ትርጉሙ ግልጽ ነው። እንግዲህ ልጆችን ለትርኢት ሲያለብሱ ሰሌኑን በወገባቸው ላይ ብቻ ይሰሩላቸው እንጂ ለጌጥ ብለው በራሳቸው ላይ አያከናንቧቸው።